መሸነፍ የሚቻልበት ጨዋታ

አንድ የክፍል ሲሙሌሽን ተሳካ የሚባለው ብዙ ጊዜ ተማሪው ስለሞቀ ነው። ተሳቀ፣ ተጯጯኸ፣ መጨረሻ ላይ ተጨበጨበ፤ በቃ። እኔ ጭብጨባውን ትቼ የማየው ሌላ ነገር ነው፦ ተጫዋቹ የሚወስነው ውሳኔ ውጤቱን ይለውጣል ወይስ መምህሩ አስቀድሞ የጻፈውን ድራማ እየተወነ ነው?

ከማውቃቸው ሁሉ የማስበልጠው እ.ኤ.አ. በ1960ዎቹ መጀመሪያ በኤምአይቲ የተፈጠረውን «የቢራ ጨዋታ» ነው። ተጫዋቾቹ አራት ናቸው፦ ቸርቻሪ፣ ጅምላ ሻጭ፣ አከፋፋይና ፋብሪካ። መነጋገር ክልክል ነው፤ ከአንዱ ወደ ሌላው የሚያልፈው የትእዛዝ ወረቀት ብቻ ነው። የታዘዘው ቢራ ሳምንታት ዘግይቶ ይደርሳል። መጋዘን ለሚያድር ሳጥን በሳምንት ግማሽ ዶላር፣ ተጠይቆ ለታጣ ሳጥን አንድ ዶላር ይቆጠርባቸዋል። ሕጉ ከዚህ ብዙም አይዘልም፤ ማብራሪያው ከጨዋታው የሚረዝም ልምምድ ደግሞ ገና ከጅምሩ ያጠራጥረኛል።

ቸርቻሪው ዕቃ ሲያልቅበት ትእዛዙን ከፍ ያደርጋል። ቢራው ሲዘገይበት ይደግማል። ጅምላ ሻጩ ይደነግጥና ከዚያ አብልጦ ያዛል፤ ድንጋጤው ፋብሪካው ጋ ሲደርስ አብጦ ነው። ከዚያ ያ ሁሉ ቢራ ባንዴ ይመጣል፣ መጋዘኑ ይጨናነቃል፣ ትእዛዝ ይቆማል። ሲያበቃ መምህሩ ወረቀት ያድልና ደንበኛው በየሳምንቱ ስንት ይገዛ እንደነበር በመስመር እንዲስሉ ያዛቸዋል። አብዛኞቹ የሚስሉት ሽቅብ ወጥቶ ቁልቁል የሚወርድ ተራራ ነው። እውነቱ ሲገለጥ ደንበኛው በሳምንት 4 ሳጥን ይገዛ ነበር፤ አምስተኛው ሳምንት ላይ 8 አደረገው፤ ከዚያ ወዲያ ንቅንቅ አላለም። ቀሪውን ትርምስ የፈጠሩት ራሳቸው ናቸው።

ያ ሥዕል ባይሳል ጨዋታው መዝናኛ ሆኖ ይቀር ነበር። ስለዚህ የልምምዱን ዕቅድ ሳነብ ዓይኔ ቀድሞ የሚያርፈው ለውይይቱ በተያዘው ሰዓት ላይ ነው። «ጊዜ ከተረፈ እንወያያለን» የሚል ካየሁ ቀሪውን ለማንበብ አልጓጓም።

ለምርምር ሲሆን መመዘኛው ይጠብቃል። ተመራማሪው ጆን ስተርማን እ.ኤ.አ. በ1989 ባሳተመው ጥናት የቢራ ጨዋታን ተጫዋቾች ትእዛዝ መርምሮ፣ አዝዘው ገና በመንገድ ላይ ያለውን ቢራ በቅጡ ከሒሳብ እንደማያስገቡ አሳይቷል። ይህን ማለት የቻለው እያንዳንዱ ውሳኔ በተወሰነበት ቅጽበት ስለተመዘገበ ነው። ከጨዋታው በኋላ «ወደዳችሁት? ተማራችሁበት?» የሚል መጠይቅ በትኖ የሚደመድም ጥናት የሚለካው ስሜትን እንጂ ትምህርትን አይደለም።

ገንዘብ ጥራትን አይገዛም። የአሜሪካ ጦር እ.ኤ.አ. በ2002 ያካሄደው «ሚሌኒየም ቻሌንጅ» የተባለ የጦር ልምምድ 250 ሚሊዮን ዶላር ገደማ ፈጅቷል። የጠላትን ወገን የመሩት ጡረተኛው ጄኔራል ፖል ቫን ራይፐር መልእክታቸውን በሞተር ብስክሌት እየላኩ ከጠለፋ አመለጡ፤ በድንገተኛ ጥቃትም 16 መርከቦችን በጨዋታው «አሰጠሙ»። አዘጋጆቹ መርከቦቹን መልሰው አንሳፈፉ፤ ለጠላት ወገንም ማድረግ የማይችለውን ይነግሩት ጀመር። ጄኔራሉ ኃላፊነታቸውን ለቀቁ። እንደ እኔ፣ እንደገና መጀመሩ ነውር የለውም፤ ሺዎች ሊለማመዱ መጥተው ገና በጠዋቱ ወደ ቤት አይሸኙም። እጁ በታሰረ ጠላት ላይ የተገኘ ድል ግን ለአዲስ የውጊያ ስልት ማረጋገጫ ሆኖ ሊቀርብ አይችልም።

ክፍል ውስጥም ያው ነው፦ የዓባይን ድርድር በክፍሉ ሊያለማምድ ያሰበ መምህር ካለ፣ መጀመሪያ የምጠይቀው የግብፅን ወንበር ለማን እንደሰጠ ነው። ለክፍሉ ጎበዝ ተከራካሪ ከሰጠ፣ ለእያንዳንዱ ቡድንም ሌላው የማያየው የራሱ መመሪያ ካዘጋጀ፣ ገብቼ ባየው ደስ ይለኛል።