የአቤሜሌክ በለስና የጊዜ አስማተኞች

በዚህ ዓምድ የምንተቸው አብዛኛውን ጊዜ መጽሐፍ ነው። ዛሬ ግን መነሻ የሆነን የልጆች ጨዋታ ነው። በቂርያት ማላኪ፣ በገደራና በያብኔ ልጆቻችን ከትምህርት ቤት ሲመለሱ በኮምፒዩተርና በስልክ ከሚጫወቷቸው ጨዋታዎች በአንዳንዶቹ ውስጥ የጊዜ አስማተኞች አሉ። ለምሳሌ እ.ኤ.አ. በ1992 ጃፓን ውስጥ በወጣው «ፋይናል ፋንታሲ 5» የጊዜ አስማተኛነት ራሱን የቻለ ሙያ ነው። ባለሙያው ወገኑን ያፈጥናል፣ ጠላቱን ያዘገያል፣ ሲሻው ደግሞ ባለበት ያቆመዋል።

ጊዜን ማቆም መመኘት አዲስ ነገር አይደለምና ልጆቹን አንነቅፍም፤ ኢያሱም በገባዖን ፀሐይን አቁሟል። ቅሬታችን በአሠራሩ ላይ ነው። ባየናቸው ጨዋታዎች ጊዜ እንደ ጦር መሣሪያ ሆኖ ያገለግላል፤ ውጊያው ሲያበቃ ግን የጠፋ ዓመት የለም። አስማተኛው ወደ ቤቱ ሲመለስ የማያውቀው ሰው በሩን አይከፍትለትም።

አንድ ልጅ «በእናንተ አገር እንዲህ ያለ ማኅበር ነበር ወይ?» ብሎ ጠየቀን። ነበር ማለት ይቻላል። በአገር ቤት ጊዜ የካህናቱ ሙያ ነበር። የታተመ የቀን መቁጠሪያ በሌለበት መንደር የጨረቃን ወር 29ና 30 ቀን እያፈራረቁ ቆጥረው፣ በዓሉ መቼ እንደሚውል ለሕዝቡ የሚናገሩ ቄሶች ነበሩ። የእስራኤል ክነሴት እ.ኤ.አ. በ2008 በሕግ ያጸደቀው የስግድ በዓልም ከአስተስርዮ 50ኛው ቀን ተብሎ የተጠበቀው በእነርሱ ቁጥር ነው። ጊዜን ማቆም ሳይሆን መቁጠር ነበር ሥራቸው። ልጁ ይህ መልስ ብዙም አላረካውም፤ እውነቱን ለመናገር እኛንም አላረካንም። ስለዚህ በግዕዝ ተጠብቆ የቆየ አንድ ታሪክ አምጥተን ለልጆቹና ለአረጋውያኑ በአንድነት አነበብንላቸው።

መጽሐፉ «ተረፈ ባሮክ» ይባላል። የግዕዙን ጽሑፍ ጀርመናዊው ሊቅ አውጉስት ዲልማን እ.ኤ.አ. በ1866 ላይፕሲግ ላይ አሳትሞታል። መጨረሻው ላይ የክርስትና ትምህርት አለበት፤ ዋናው ታሪክ ግን ከአይሁድ ወገን የመጣ ነው የሚሉ ሊቃውንት ብዙ ናቸው። ባለታሪኩ ነቢዩ ኤርምያስን ከጭቃው ጕድጓድ ያወጣው ኢትዮጵያዊው አቤሜሌክ ነው። ኢየሩሳሌም ልትጠፋ ስትል ይህ ደግ ሰው ጥፋቷን እንዳያይ ኤርምያስ ይለምንለታል፤ ለሕሙማን በለስ እንዲያመጣም ወደ አግሪጳ የወይን ቦታ ይልከዋል። አቤሜሌክ በለሱን ለቅሞ ሲመለስ ፀሐይ ይበረታበትና ከዛፍ ጥላ ሥር አረፍ ይላል። እንቅልፍም ይወስደዋል። የተኛው 66 ዓመት ነው።

እዚህ ላይ አንድ ነገር ልብ ይሏል። አግሪጳ የሚባሉት ነገሥታት የኖሩት ከኤርምያስ 600 ዓመት ያህል በኋላ ነው። ደራሲው ተሳስቶ ነው እንዳንል፣ በ70 ዓ.ም. በሮማውያን እጅ ስለፈረሰው ቤተ መቅደስ እያለቀሰ የከለዳውያንን ዘመን እንደ መጋረጃ የተጠቀመ ይመስላል። እንግዲህ ጊዜን ያቀላቀለው ራሱ ጸሐፊው ነው።

ከመጽሐፉ ሁሉ የሚበልጠው የመንቃቱ ክፍል ነው። አቤሜሌክ ሲነቃ ራሱ ከብዶታል፤ ትንሽ ልጨምር ነበር እያለ ይነሣል። በለሱ ገና ወተቱ ይንጠባጠባል። ከተማ ሲገባ ግን ቤቱን አያገኝም፣ ዘመዶቹንም አያገኝም። መንገድ የሳትሁ መሰለኝ ብሎ ከከተማው ይወጣል፣ የአካባቢውን ምልክት ያያል፤ ምልክቱ ያው ነው። ተመልሶ ይገባል፣ አሁንም ያው። ይህ ወጥቶ መመለሱ ከአስማት ሁሉ የበለጠ አሳምኖናል፤ ከአውሮፕላን ወርዶ በማያውቀው ከተማ ያደረ ሰው የራሱን ነገር ያገኝበታል። እ.ኤ.አ. በግንቦት 1991 ከ14,000 በላይ ሰው በ36 ሰዓት ያህል ውስጥ ከአዲስ አበባ ወደ እስራኤል ሲገባ የሆነው ይኸው ነበር።

በመጨረሻ አንድ ሽማግሌ ከእርሻ ሲመለስ ያገኘውና ይጠይቀዋል። ኤርምያስ ከሕዝቡ ጋር ወደ ባቢሎን መወሰዱን ሲሰማ ሽማግሌውን ሊቈጣው ይቃጣዋል፤ ሽበቱን አክብሮ ግን ይተወዋል። ሽማግሌውም በለሱን አይቶ ወቅቱ የበለስ አለመሆኑን ያስረዳዋል፣ ዓመቱን ይቆጥርለታል፣ ወሩንና ቀኑንም ይነግረዋል። ለእኛ የታሪኩ የጊዜ ባለሙያ ይህ ስሙ ያልተጠራ ገበሬ ነው።

በታልሙድ፣ በታዓኒት ክፍል፣ ሖኒ የሚባለው ጻድቅም እንዲሁ 70 ዓመት ይተኛል። ሲነቃ ግን እኔ ሖኒ ነኝ ቢል የሚያምነው ያጣል፤ በቤተ ትምህርቱ ተገቢውን ክብር የሚሰጠው አይገኝም፤ ሞቱን ለምኖ ይሞታል። ሁለቱን ስናስተያይ እንቅልፋቸው አንድ ዓይነት ነው። አቤሜሌክን ያተረፈው ቆሞ የመለሰለት ሰው ማግኘቱ ነው።

ከዚህ በኋላ መጽሐፉ ይፈጥናል። መልአክ አቤሜሌክን ወደ ባሮክ ይወስደዋል (በመላእክት ስም በተጠራች ከተማ ስናነበው ልጆቹ ሣቁ)፣ ንስር ደብዳቤና 15 በለስ ይዞ ወደ ባቢሎን ይበርራል። ንስሩ ልጆቹን አስደስቷል፤ እኛ ግን የሽማግሌው ወሬ እንዲቀጥል በወደድን። ትልቁን ጕድለት ያገኘችው አንዲት የአሥር ዓመት ልጅ ናት። «ዘመዶቹን አጣ ይላል፤ ታዲያ ለምን አላለቀሰላቸውም?» አለች። መጽሐፉ ለዚህ መልስ የለውም። ስለ ከተማይቱ ብዙ እንባ ይፈስሳል፣ ስለ አቤሜሌክ ቤተሰብ ግን አንድም ጠብታ የለም።

ዝም ስንል ከአረጋውያኑ አንዲት እናት ተናገሩ። በ1976 ዓ.ም. በሱዳን በኩል ከጎንደር አካባቢ ወጥተው፣ ከብዙ ዘመን በኋላ ለጉብኝት ወደ መንደራቸው ተመልሰው ነበር። ወንዙን አወቁት፣ ዋርካውን አወቁት፤ ቤታቸውን ግን አላገኙትም። ወደ ወንዙ ወርደው እንደገና ወጡ። እዚያ ከብት የሚያግድ አንድ ሽማግሌ አግኝተው ቢጠይቁ የአባታቸውን መቃብር አሳይቶ ስንት ዓመት እንደሆነው ነገራቸው፤ ያለቀሱትም እዚያ ነው። የሽማግሌው ቁጥር ከእርሳቸው በአንድ ዓመት ይበልጥ ነበር። የማን ቁጥር ትክክል እንደሆነ ልጆቹ እስኪመሽ ሲከራከሩ ቆዩ።