ምርት ሦስት ሺህ ዓመት

ባላባቱ ከቤቱ ደጅ ወንበር ላይ ተቀምጦ ጭሰኛውን በሩቁ ይጮኽበታል። ጭሰኛው ይሮጣል፣ እጅ ይነሣል፣ ተመልሶ እርፉን ይይዛል። ከኃይሌ ገሪማ ፊልም ከዓይኔ የማይጠፋው ይኸው ነው።

እ.ኤ.አ. በ1946 ጎንደር የተወለዱት ኃይሌ፣ ቲያትር ሊማሩ አሜሪካ ሄደው ፊልም ተማሩ። «ምርት ሦስት ሺህ ዓመት»ን እ.ኤ.አ. በ1974፣ ዘውዱ ሲንገዳገድ፣ ኢትዮጵያ መጥተው በሁለት ሳምንት ያህል ቀረጹት፤ በ16 ሚሊሜትር ፊልም፣ በጥቁርና ነጭ። አብዛኞቹ ተዋንያን ሙያተኞች አይደሉም፤ ድካሙም የማስመሰል አይመስልም።

የማደንቀው ትዕግሥቱን ነው። ካሜራው አይቸኩልም፤ በሬው እስኪዞር፣ ትልሙ እስኪያልቅ ይጠብቃል። ከጣሊያን ጋር ተዋግቶ መሬቱን የተነጠቀው ከበበ እንደ እብድ ሲለፈልፍ ሰው ይስቅበታል፤ እውነቱን የሚናገረው ግን እሱ ብቻ ነው። ጎርፍ የወሰዳት እረኛ ልጅም ከከብቱ ያነሰ ዋጋ እንደነበራት ዝምታው ይነግረናል።

ኃይሌ በኋላ «ሳንኮፋ»ንና «ጤዛ»ን ሠሩ። እኔ ግን ይህን አስቀድማለሁ። ስለ ጭሰኝነት ከአያቶቹ የሰማ ሰው ቢያየው፣ ታሪኩን ሳይሆን ፊቶቹን ያውቃቸዋል።