ፍጻሜውን ያወቀ ጸሐፊ

ጦርነትን፣ ረኀብን፣ ቸነፈርንና ይህን የመሰለውን የሕዝብ መከራ በታሪክም ሆነ በልብ ወለድ ለመጻፍ ብርዕ የሚያነሣ ሰው ሁሉ፣ ቀለሙ ከወረቀቱ ላይ ሳያርፍ አስቀድሞ የሚያውቀው አንድ ነገር አለ፤ ይኸውም ነገሩ በምን እንደ ተፈጸመ፣ ማን ድል እንደ ነሣ፣ ማን እንደ ወደቀ፣ መቅሠፍቱም በስንተኛው ወር እንደ ታገሠ ነው። ታሪካቸውን የሚጽፍላቸው ሰዎች ግን በዚያ መከራ ውስጥ ሲመላለሱ ከዚህ አንዱንም አያውቁም ነበር። ነገሩ ላይ ላዩን ሲያዩት ቀላል ቢመስልም፣ እኔ በዚህ ሙያ በቈየሁበት ዘመን ሁሉ ከዚህ የከበደ ፈተና አላገኘሁም፤ የጦርነትና የጀብዱ መጽሐፍም በእኔ ዘንድ የሚመዘነው፣ ጸሐፊው ይህን ዕውቀቱን ከየት አኑሮ እንደሚተርክ በማየት ነው።

ይህን ለማስረዳት፣ የሀገሩ ሰው ግራኝ አሕመድ የሚላቸው ኢማም አሕመድ ኢብን ኢብራሂም ያስነሡትን ጦርነት ከመጥቀስ የተሻለ ምሳሌ አላውቅም፤ አንዱን መከራ ሦስት ጸሐፊዎች በሦስት ቋንቋ፣ ከሦስት ወገን ቆመው ጽፈውታልና። የመጀመሪያው «ፉቱሕ አል-ሐበሻ» የተባለውን መጽሐፍ በዐረብኛ የደረሰው፣ ዐረብ ፈቂህ በሚል ስም የታወቀው ሺሃቡዲን አሕመድ ነው። ሁለተኛው በ1533 ዓ.ም. ከክሪስቶቮ ዳ ጋማ ጋር በምጽዋ በኩል ከገቡት 400 የፖርቱጋል ወታደሮች አንዱ የነበረው ሚጌል ደ ካስታኞዞ ሲሆን፣ መጽሐፉ እንደ አውሮፓ አቈጣጠር በ1564 በሊዝበን ታትሟል። ሦስተኛው የአፄ ገላውዴዎስን ዜና መዋዕል በግዕዝ የጻፈው ሊቅ ነው፤ እርሱም የጻፈው ንጉሡ በ1551 ዓ.ም. በጦር ሜዳ ከወደቁ በኋላ ነው።

ከሦስቱ ውስጥ ስለ ፍጻሜው ምንም የማይነግረን ዐረብ ፈቂህ ነው። ወደ እኛ የደረሰው የመጽሐፉ ክፍል የዳ ጋማ ወታደሮች ገና የምጽዋን ወደብ ሳያዩ ያበቃልና፣ ከዳር እስከ ዳር ቢያነቡት ኢማሙ የተገደሉበት የወይና ደጋ ጦርነት በውስጡ አይገኝም። በ1521 ዓ.ም. በሽንብራ ኵሬ ላይ ከአፄ ልብነ ድንግል ሠራዊት ጋር የተደረገውን ውጊያ ሲተርክ፣ ማን ከማን ጋር እንደ ተሰለፈ፣ ማን እንደ ጸና፣ ከራሱ ወገንም ማን እንደ ፈራና እንዳፈገፈገ በየስሙና በየነገዱ ይዘረዝራል፤ አንባቢውም ኢማሙ በዚያ ቀን ድል እንዳደረጉ አስቀድሞ ቢያውቅ እንኳ፣ ገጹን ሲገልጥ የዚያን ቀን ፍርሃት በራሱ ላይ ያገኘዋል። ስለ መካነ ሥላሴ በሚጽፍበት ስፍራ ደግሞ የቤተ ክርስቲያኑን የወርቅና የብር ጌጥ፣ ያዩት የኢማሙ ሰዎችም እንዴት እንደ ተደነቁ ከነገረን በኋላ፣ ወዲያው መዘረፉንና መቃጠሉን ይጽፋል። የተዋሕዶ ልጅ የሆነ አንባቢ ይህን ስፍራ ያለ ኀዘን አያልፈውም፤ እኔም ባነበብሁት ቍጥር ልቤ ይደማል። ነገር ግን ያ ሕንፃ ምን ይመስል እንደ ነበር ከሚመሰክሩልን ጥቂት ጽሑፎች አንዱ ይህ ያቃጠለው ወገን የጻፈው መሆኑን፣ የታመነም የሚሆነው ጸሐፊው በጊዜው የተሰማውን መደነቅ ስላልደበቀ መሆኑን ሳስብ፣ ለብርዑ ያለኝን አክብሮት መንፈግ አልችልም።

ካስታኞዞ የጀብዱ ጸሐፊ ነው፤ ጀብዱንም በሚገባ ያውቅበታል። የአፄ ገላውዴዎስ እናት እቴጌ ሰብለ ወንጌል በጠፍርና በገመድ ካልሆነ ከማይወጣበት አምባ ወርደው ከእንግዶቹ ጋር ሲገናኙ የጻፈው፣ ከሀገሩ እጅግ ርቆ የወጣ ወታደር ያየውን ሁሉ እንደ አዲስ ፍጥረት ሲመለከት የሚጽፈው ዓይነት ነው። የአለቃውን የዶም ክሪስቶቮን አሟሟት ግን በዐይኑ አላየም፤ ከሌላ ሰምቶ ነው የተረከው፤ እዚያ ላይ ሲደርስ ቃሉ የሰማዕት ገድል ወደ መምሰል ያዘነብላል። ይህን የምለው ለነቀፌታ አይደለም፤ ሰው ካላየው ስፍራ ሲደርስ የገድል ቋንቋ ሳይጠራው የሚመጣለት መሆኑን ለማሳየት ነው እንጂ።

የዚህ ሁሉ ነገር መፈተኛ በወፍላው ጦርነት ማግሥት የሆነው ነው። ኢማሙ በ1534 ዓ.ም. ጸደይ በፖርቱጋሎች ሁለት ጊዜ ተሸንፈው፣ በእግራቸውም በጥይት ቆስለው ካፈገፈጉ በኋላ፣ ከየመን ከዘቢድ ወደ 900 የሚጠጉ ነፍጠኞችና መድፎች መጡላቸው፤ በዚያው ዓመት ክረምት ሊወጣ ሲል በወፍላ ፖርቱጋሎችን መቱ፤ ከእንግዶቹ ግማሹ ያህል አለቀ፤ ዶም ክሪስቶቮም ተማርኮ አንገቱ ተቈረጠ። ከዚህ በኋላ ኢማሙ ከመጡላቸው ነፍጠኞች 200 ያህሉን ብቻ አስቀርተው የቀሩትን አሰናበቱ፤ ስድስት ወር ሳይሞላም በየካቲት 1535 ዓ.ም. ወይና ደጋ ላይ ሞቱ። ፍጻሜውን የያዘ ጸሐፊ ይህን ማሰናበት «ትዕቢት ዐይናቸውን ጋረደው» ብሎ ያልፈዋል፤ ብዙዎችም እንዲሁ ብለዋል። እኔ ግን እንዲህ ባለው ፍርድ አልስማማም። በዚያች ቀን የነበረውን ነገር እንይ፦ የእንግዶቹ ጦር ተሰብሯል፤ አለቃቸው ሞቷል፤ ንጉሡ ገላውዴዎስ ገና ለጋ ወጣት፣ ተከታያቸውም ጥቂት፣ ገና በሩቅ ሀገር ናቸው። በሌላ በኩል ደግሞ የሰው ሀገር ጦር በሰፈር ሲቈይ ቀለብና ደመወዝ ይፈልጋል፤ አዛዡም የራሱ ንጉሥ እንዳለው አይረሳም። በዚያች ቀን የቆመ አስተዋይ ሰው ከዚህ የተለየ ውሳኔ ያደርግ ነበር ብዬ አልገምትም። ይህን ገጽ የሚጽፍ ሰው ነፍጠኞቹን በደስታና በእፎይታ ሊሸኛቸው ይገባል፤ የወይና ደጋን ጥላ በዚያ ገጽ ላይ ካጠላ፣ ሰውዬውን በሕይወት ሳሉ ገደላቸው ማለት ነው።

ልብ ወለድ በዚህ ረገድ ከታሪክ የቀለለ ይመስላል፤ አይደለም። በ«ሮቢንሰን ክሩሶ» የሚታወቀው ዳንኤል ዴፎ እንደ አውሮፓ አቈጣጠር በ1722 ስለ 1665ቱ የለንደን ቸነፈር መጽሐፍ ሲያወጣ፣ በቸነፈሩ ጊዜ የአምስት ዓመት ያህል ሕፃን የነበረ ሰው ነው፤ ያየውን ሊጽፍ አይችልም። ተራኪ አድርጎ ያቆመው አንድ ኮርቻ ሠሪ ነጋዴ ነው። በለንደን በየሳምንቱ በየአጥቢያው የሞተውን ሰው ቍጥር ከነምክንያቱ የሚዘረዝር ወረቀት ይታተም ነበርና፣ ዴፎ ኮርቻ ሠሪውን ያንን ወረቀት እንዲያነብ አደረገው። ቸነፈር የገባበት ቤት ከነሰዎቹ ይዘጋ፣ በሩም በቀይ መስቀል ምልክት ይደረግበት ስለ ነበር፣ ቤተ ሰቦች የሟቻቸውን በሽታ በሌላ ስም ያስጽፉ ነበር፤ ስለዚህ በመጀመሪያዎቹ ወራት የቸነፈሩ ቍጥር ዝቅ እንዳለ ሆኖ፣ የሌላው በሽታ ቍጥር ከልማዱ ውጭ ይወጣል። ኮርቻ ሠሪው ይህን እያየ ይጠራጠራል፤ አንባቢውም ከእርሱ ጋር ይጠራጠራል። በመስከረም ወር በአንድ ሳምንት ብቻ በቸነፈር የሞቱት 7,165 ተብሎ የተመዘገበበት ጊዜ የሚመጣው ከብዙ ገጾች በኋላ ነው፤ ዴፎም ያን ቍጥር ከጊዜው በፊት አያወጣውም። በመጽሐፉ ውስጥ ከሁሉ ይልቅ የምወደው ግን ተራኪው ልሽሽ ወይስ ልቈይ እያለ የሚጨነቅበት ስፍራ ነው፦ ወንድሙ ሽሽ ይለዋል፣ ሱቁና ዕቃው ይዘውታል፤ በመጨረሻ መጽሐፍ ቅዱስን ሲገልጥ ዐይኑ በአንድ መዝሙር ላይ ያርፍና ለመቈየት ይቈርጣል። ያ መዝሙር በእኛ ዳዊት 90ኛው፣ የሀገራችን ሰው በፍርሃቱ ጊዜ ሁሉ በቃሉ የሚደግመው ነው። የእኛ አንባቢ ያንን ሰው ከማንም እንግሊዛዊ አንባቢ ባልተናነሰ እንደሚያውቀው አልጠራጠርም።

ስቴንዳል የዋተርሎውን ጦርነት የጻፈው፣ በውጊያው መካከል እየጋለበ ይህ እውነተኛ ውጊያ ይሁን አይሁን በማያውቅ ወጣት ዐይን ነው። ቶልስቶይም በሴባስቶፖል ምሽግ ያገለገለ መኰንን ሆኖ ሳለ፣ የቦሮዲኖን ሜዳ በ1867 እንደ አውሮፓ አቈጣጠር ሄዶ በእግሩ ከመረመረ በኋላ፣ የውጊያውን ታላቅ ክፍል ያሳየን ወታደር ባልሆነው፣ ነጭ ባርኔጣ ደፍቶ ለማየት በመጣው በባለታሪኩ በፒየር በኩል ነው። ሁለቱም ካርታውን ያውቁ ነበር፤ ካርታውን ለሰዎቻቸው አልሰጧቸውም።

ስለ ዐድዋ የሚጽፍ ሰው ይህን ሳያስብ ሊጀምር አይገባውም። ድሉ በእያንዳንዳችን ልብ ውስጥ ስላለ፣ የካቲት 23 ቀን 1888 ዓ.ም. በጽሑፋችን ውስጥ ገና ከመጀመሪያው ምዕራፍ የተፈረደ ፍርድ ሆኖ ይገኛል። ነገሩ በዋዜማው እንዲህ አልነበረም። የአፄ ምኒልክ ሠራዊት ስንቁ እያለቀ፣ ሰፈሩን ለመልቀቅ የሚገደድበት ቀን እየቀረበ ነበር፤ የኢጣልያው የጄኔራል ባራቲየሪም ጦር እንዲሁ ስንቁ የቀረው ለጥቂት ቀናት ብቻ ነበር። ባራቲየሪ ወደ ኋላ ማፈግፈግን ቢያስብም፣ ከሮም ጠቅላይ ሚኒስትሩ ክሪስፒ የላከው የቍጣ ቴሌግራም አለ፤ የብርጌድ አዛዦቹ አልቤርቶኔ፣ አሪሞንዲ፣ ዳቦርሚዳና ኤሌናም በምክር ቤት ተሰብስበው ወደ ኋላ አንልም አሉ። በሌሊቱም ጕዞ አልቤርቶኔ የታዘዘበት ቦታ ላይ ደርሶ ሳለ፣ በመሪዎቹ ቃል ኪዳነ ምሕረት የሚባለው ኮረብታ ገና ወደ ፊት መሆኑን ሰማ፤ ኢጣልያኖች ይዘውት የነበረው ንድፍ ካርታ ያን ስም በሌላ ስፍራ ጽፎት ነበርና፣ ብርጌዱ ከጓደኞቹ ተለይቶ እየገፋ ሄዶ ከኢትዮጵያውያን ሠራዊት ጋር ብቻውን ተጋጠመ። ስንቁ ሁለት ቀን ቢቈይ፣ ካርታው ቢቀና፣ ያ ቀን ሌላ ቀን ይሆን ነበር። እንዲህ ማለት የአባቶቻችንን ጀግንነት ማሳነስ የሚመስለው ሰው አለ፤ እኔ ግን በተቃራኒው አምናለሁ። ድሉ አስቀድሞ የተወሰነ ከነበረ ማንም ጀግና መሆን አላስፈለገውም፤ የዐድዋ ሰዎች በዚያች ንጋት ሊሸነፉ እንደሚችሉ እያወቁ ነው የተነሡት።

ረኀብ ደግሞ ከጦርነት ይልቅ ለጸሐፊ ያስቸግራል፤ የውጊያ ቀን የለውምና። በ1880 ዓ.ም. ገደማ በምጽዋ በኩል ከመጡ ከብቶች ጋር ገባ የሚባለው የከብት በሽታ በሬውን ሲፈጅ፣ ገበሬው ያየው የከብት ዕልቂት ነበር እንጂ «ክፉ ቀን» ተብሎ የሚጠራውን ዘመን አልነበረም። ያረሰበት በሬ ካለቀ በኋላ ነው መሬቱ ጦም ያደረው፤ አንበጣውና ተምቹ፣ የዝናሙም መጥፋት ተከታትለው ነው የመጡት፤ አፄ ምኒልክ ራሳቸው ዶማ ይዘው መሬት እስከ መቈፈር የደረሱትም ከዚያ ወዲህ ነው። መጽሐፉን «በታላቁ ረኀብ ዘመን» ብሎ የሚጀምር ጸሐፊ፣ ገበሬው የመጀመሪያው በሬ ሲሞት ሁለተኛው ይተርፍልኛል ብሎ ያደረበትን ሌሊት ያጣዋል።

እዚህ ላይ የሚነሣ መልስ አለ፤ ተገቢም ነው። የአፄ ገላውዴዎስ ዜና መዋዕል ጸሐፊ ፍጻሜውን ያውቃል፤ ዕውቀቱንም አይሰውርም፤ የመጽሐፉ ኀዘንና ግርማ ሁሉ የሚፈልቀው ንጉሡ እንደሚወድቁ ከማወቁ ነው። ሰቆቃው ከጥንት ጀምሮ የሥነ ጽሑፋችን አካል ነውና፣ ይህን ከመጽሐፋችን ማስወጣት አይቻልም፤ አልመኝምም። ነገር ግን ሰቆቃው የቆመበትን ስፍራ ያውቃል፤ ከመቃብሩ ራስጌ ቆሞ ያለቅሳል እንጂ፣ ሟቹ በሕይወት ሳለ ምሳውን ሲበላ ከጀርባው ቆሞ አያለቅስም። የዛሬ ጸሐፊዎች ብዙ ጊዜ የምናደርገው ይህን ሁለተኛውን ነው፤ ሰውዬው ከሚስቱ ጋር ሲሰናበት፣ ይህ የመጨረሻ ስንብቱ መሆኑን ለአንባቢው ሹክ እንላለን። አንባቢውን ከሰውዬው ለይቶ ከእኛ ጋር በከፍታ ላይ የሚያስቀምጥ ነውና፣ እንዲህ ያለውን አረፍተ ነገር በእጄ ካለ ጽሑፍ ሁሉ እሰርዘዋለሁ።

በሥራዬ የምከተለው ሥርዓት ይህን ይመስላል። ምዕራፉን ከመጀመሬ በፊት አንድ ወረቀት በሁለት ዓምድ እከፍላለሁ፤ በአንደኛው በዚያች ቀን በእርግጥ የሆነውን፣ በሁለተኛው በዚያ ሰፈር ያለ ሰው የሰማውን እጽፋለሁ። መልእክተኛ በበቅሎ ስንት ቀን ይፈጅበታል፣ ወንዙ ሞልቷልን፣ ወሬውን ያመጣው ወዳጅ ነው ወይስ ምርኮኛ፣ ይህን ሁሉ እመረምራለሁ። ሁለተኛው ዓምድ ሁልጊዜ ከመጀመሪያው ያጥራል፤ ስሕተትም ይሞላበታል፤ ምዕራፉን የምጽፈው ግን ከሁለተኛው ነው። የመጀመሪያው ዓምድ በከንቱ አይቀርም፤ ለየብቻው በሚቆም ምዕራፍ፣ ጸሐፊው በራሱ ድምፅ በሚናገርበት ስፍራ ይገባል፤ አንባቢም ማን እንደሚያናግረው በግልጽ ያውቃል።

አሁን በእጄ ያለው ሥራ ከወፍላ በኋላ እቴጌ ሰብለ ወንጌልና ከእልቂቱ የተረፉት ፖርቱጋሎች በሰሜን ተራራ ያሳለፉት ጊዜ ነው። ልጃቸው አፄ ገላውዴዎስ ከሸዋ መጥተው የሚቀላቀሏቸው እዚያ ነው፤ በደብረ ዳሞ አስቀምጠውት የነበረውን መሣሪያ የሚያስመጡት፣ በተራራው ላይ ባሩድ የሚሠሩትም በዚያ ወራት ነው። ከእንግዶቹ ውስጥ ግን ወደ ኀምሳ የሚሆኑት መንገዳቸው ተለይቶ በምጽዋ አቅጣጫ ወደ ባሕሩ ወርደዋል። ወይና ደጋን የሚያውቅ ሰው ከእቴጌዪቱ ጋር የቀሩትን ጀግኖች፣ ወደ ባሕሩ የወረዱትን ደግሞ ዕድል ያመለጣቸው አድርጎ ይከፍላቸዋል። በእኔ ሁለተኛ ዓምድ ላይ እንዲህ ያለ ልዩነት የለም፤ አለቃው ተሰይፏል፣ ጓደኛው ሞቷል፣ ንጉሡን ገና ማንም አላያቸውም፣ መርከብ ግን በባሕር ላይ እንዳለ ይታወቃል። ስለዚህ ወደ ምጽዋ የሚወርዱትን መንገድ በቀሩት መንገድ ልክ ለመጻፍ እየሠራሁ ነው፤ የገጹም ቍጥር ከሁለቱ ለአንዱ እንዳያደላ እቈጣጠራለሁ።