የኦርሰን ዌልስ የጥበብ ኑሮ

«የሰው ወርቅ አያደምቅ» የሚለው የአበው ብሂል በባለገንዘቦች ችሮታ ለሚሠራ የኪነ ጥበብ ሰውም የሚስማማ ነው። ገንዘቡን ያወጣው ሰው ትርፉን ይሻልና ውሎ አድሮ የሥራው ጌታ እርሱ ይሆናል። ይህን ሸሽቶ በገዛ ገንዘቡ የሚሠራ ጥበበኛ ደግሞ ኪሱ የነጠፈ ዕለት ሥራው ከመንገድ ይቀርበታል። በእነዚህ በሁለቱ ችግሮች መካከል ዕድሜውን የፈጀ አንድ ሰው ቢጠቀስ፣ አሜሪካዊው ተዋናይና የቴአትር፣ የራዲዮና የፊልም አዘጋጅ ኦርሰን ዌልስ ነው። ስለ እርሱ ዘወትር የሚሰማው ፍርድ፣ በ25 ዓመቱ ታላቅ ፊልም ሠርቶ ከዚያ ወዲያ ስጦታውን አባከነ የሚል ነው። ይህ ፍርድ ትክክል መሆን አለመሆኑን ከሥራው በመነሣት እንመርምር። ከዚህ በታች የተጠቀሱት ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር ናቸው።

ዌልስ በ1915 በዊስኮንሲን ግዛት ኬኖሻ በምትባል ከተማ ተወለደ። እናቱ በ9 ዓመቱ፣ አባቱ በ15 ዓመቱ ሞቱበት። በ1931 ወደ አየርላንድ ተሻግሮ፣ ገና የ16 ዓመት ልጅ ሳለ፣ በኒው ዮርክ ስሜ የታወቀ ተዋናይ ነኝ በማለት በደብሊን ጌት ቴአትር ሥራ ያዘ። በ1936 ደግሞ የአሜሪካ መንግሥት ሥራ ላጡ የቴአትር ሰዎች ባቋቋመው ድርጅት ሥር ሆኖ፣ በሀርለም ሠፈር የሼክስፒርን «ማክቤዝ» በጥቁር አሜሪካውያን ተዋንያን አሳየ። ታሪኩንም ከስኮትላንድ አንሥቶ ሃይቲን በምትመስል ደሴት ላይ አኖረው። በዚያው ዘመን በራዲዮ ድምፁ እጅግ ተፈላጊ ስለ ነበር፣ ከአንዱ ጣቢያ ወደ ሌላው በአምቡላንስ እየተጣደፈ ያገኘውን ደመወዝ ለቴአትሩ ወጪ ያውለው ነበር። የኑሮው ሥርዓት እንግዲህ ገና ከጅምሩ የተወሰነ ነው ለማለት ይቻላል፤ ተዋናዩ ዌልስ ያገኛል፣ አዘጋጁ ዌልስ ያወጣል።

በ1938 የማርስ ፍጥረቶች ምድርን መውረራቸውን የሚተርከውን ልብ ወለድ በዜና አነጋገር በራዲዮ ቢያሰማ፣ እውነት የመሰላቸው አድማጮች ደነገጡ፤ የእርሱም ስም ገነነ። ስለዚህ አር ኬ ኦ የተባለው የሆሊውድ ኩባንያ ለጀማሪ ተሰጥቶ የማያውቅ ሥልጣን ሰጠው። በዚህ ሥልጣን «ሲቲዝን ኬን» የተባለውን ፊልም በ1941 አወጣ። ፊልሙ ለዘጠኝ የኦስካር ሽልማቶች ታጭቶ አንዱን፣ ማለትም ከኸርማን ማንኪዊትዝ ጋር በጻፈው ድርሰት የተሰጠውን ብቻ አገኘ። ዳሩ ግን የሰው ወርቅ ዋጋውን ለማስከፈል አልዘገየም። ሁለተኛውን ፊልም «ዘ ማግኒፊሰንት አምበርሰንስ»ን ሠርቶ ለሌላ ሥራ ብራዚል ሳለ፣ ኩባንያው ከ40 ደቂቃ የሚበልጠውን ክፍል ቆርጦ ጣለ፤ መጨረሻውንም በሌሎች እጅ አሠርቶ በ1942 አወጣው። የተቆረጠውም ክፍል እንዲጠፋ ተደረገ። በ1958 የወጣውን «ተች ኦቭ ኢቭል»ን ሌላ ኩባንያ እንዲሁ ቢቀያይርበት፣ ዌልስ ስሕተቱን በ58 ገጽ ዘርዝሮ ጻፈ። ፊልሙ በዚያ ጽሑፍ መሠረት የተስተካከለው በ1998፣ እርሱ ከሞተ ከ13 ዓመት በኋላ ነው።

በራሱ ገንዘብ የሠራውን ለመመዘን ከሁሉ የሚበልጠው ምስክር «ኦቴሎ» ነው። ጸጋዬ ገብረ መድኅን ወደ አማርኛ ስለ መለሰው ታሪኩ ለአንባቢዎቻችን እንግዳ አይደለም። ዌልስ ፊልሙን በሞሮኮና በኢጣሊያ ሲጀምር ገንዘብ ያወጣለት የነበረው ኢጣሊያዊ ከሠረ። ከዚያ በኋላ ገንዘቡ ባለቀ ቁጥር ሥራውን አቋርጦ በሌሎች ፊልም ላይ በተዋናይነት ይቀጠራል፤ ደመወዙን ይዞ ይመለሳል። በዚህ ሁኔታ ሦስት ዓመት ያህል ፈጀ። ልብሰ ተውኔቱ በጊዜው ባልደረሰ ጊዜ የሮድሪጎን መገደል በእንፋሎት መታጠቢያ ቤት ውስጥ፣ ተዋንያኑን በፎጣ አስታጥቆ አነሣው። የማጣት ብልሃት የሆነው ይህ ትዕይንት ከፊልሙ ክፍሎች ሁሉ እጅግ ከሚያስደነግጡት አንዱ ሆነ። ኢጣሊያ ውስጥ የተጀመረ እርምጃ ሞሮኮ ውስጥ ይፈጸማል፤ የተቆራረጠው ምስልም የኦቴሎን የአእምሮ መታወክ ያሳያል። ፊልሙ በ1952 በሞሮኮ ስም ካን ላይ ቀርቦ ታላቁን ሽልማት ከሌላ ፊልም ጋር ተካፈለ።

ይህን ስንል ድህነት ጥበብን ይወልዳል ብለን አናወድሰውም። በ«ኦቴሎ»ም ሆነ በ1965 በስፔን በሠራው «ቻይምስ አት ሚድናይት» የንግግሩ ድምፅ ከአፍ እንቅስቃሴ ጋር በብዙ ቦታ አይገጥምም። አንዳንዱንም ተዋናይ ተክቶ የሚናገረው ዌልስ ራሱ እንደሆነ ጆሮ ይለየዋል። ከዚህም የሚከፋው ሳይፈጸም የቀረው ነው። በ1950ዎቹ የጀመረውን «ዶን ኪሆቴ» ሳይጨርስ ሞተ። ከ1970 እስከ 1976 ያነሣውን «ዚ አዘር ሳይድ ኦቭ ዘ ዊንድ»ን ሌሎች ሰዎች ጨርሰው ያወጡት በ2018 ነው። ከአንድ ሥራ ወደ ሌላው የመዝለል ጠባዩም ለዚህ እንዳገዘ አይካድም። ቢሆንም ጠባዩ ብቻውን ምክንያት ቢሆን ኖሮ፣ «ኦቴሎ»ን ለመፈጸም ሦስት ዓመት ባልታገሠ ነበር።

በሽምግልናው ወራት በቴሌቪዥን የወይን ጠጅ ማስታወቂያ ሲናገር ያዩ ሰዎች ወደቀ ብለው አላገጡበት። እነዚህ ሰዎች የዘነጉት ነገር አለ። ያ ድምፅ በ1936 የሀርለሙን ቴአትር የደገፈው ድምፅ ነው፤ የተቀጠረውም ለዚያው ዓላማ ነው። በ1975 የአሜሪካ የፊልም ተቋም ለዕድሜ ልክ ሥራው ክብር በሰጠው ጊዜ፣ በዚያ ለተሰበሰቡት የሆሊውድ ሰዎች ካልተፈጸመው ፊልም ጥቂት ክፍል አሳያቸው። ጭብጨባ አገኘ፤ ማስጨረሻ ገንዘብ ግን አላገኘም። በ1985 ሎስ አንጀለስ ውስጥ ሞተ።

እንግዲህ ስጦታውን አባከነ የሚለው ፍርድ በእኛ ሚዛን አይቆምም። «አምበርሰንስ»ን ያበላሸው የሌላ ሰው መቀስ ነው፤ «ኦቴሎ»ን የፈጸመው ግን የራሱ ላብ ነው። የቴአትር ተማሪ የዌልስን ጥበብ ለማወቅ ቢፈልግ «ሲቲዝን ኬን»ን አይቶ ብቻ አይመለስ፤ «ኦቴሎ»ንና «ቻይምስ አት ሚድናይት»ን ከነጉድለታቸው ይመልከት። ጥበብን የማሳደግ ኃላፊነት ያለባቸውም ሰዎች የ1975ቱን ምሽት ቢያስቡት ይጠቅማል። ጥበበኛን በሽልማት ማክበር መልካም ነው፤ የጀመረውን እንዲፈጽም በጊዜው መርዳት ግን ከሽልማቱ ይበልጣል።