የኮከር ኮረብታና የኪያሮስታሚ ካሜራ

ኢራናዊው አባስ ኪያሮስታሚ (1940–2016 እ.ኤ.አ.) በቴህራን ዩኒቨርሲቲ ሥዕል ያጠና፣ ፎቶግራፍም ያነሣ ፊልም ሠሪ ነበር። መልክዐ ምድርን የሚያየው በሠዓሊ ዓይን ነው። በ1987 እ.ኤ.አ. በሠራው «የጓደኛዬ ቤት የት ነው?» አንድ ሕፃን የጓደኛውን ደብተር ለመመለስ ከኮከር መንደር ተነሥቶ በጠመዝማዛ መንገድ ኮረብታ ይወጣል። መንገዱ ለፊልሙ ሲባል የተቀየሰ ነው፤ ተመልካች ግን ከጥንት የነበረ ይመስለዋል።

በ1990 እ.ኤ.አ. የመሬት መንቀጥቀጥ አካባቢውን አፈራርሶ በአሥር ሺዎች የሚቆጠር ሕዝብ ፈጀ። በ1992 እ.ኤ.አ. በወጣው «ሕይወትም ይቀጥላል» አንድ የፊልም አዘጋጅ ልጁን ይዞ የቀድሞዎቹን ሕፃናት ተዋንያን ፍለጋ ይሄዳል። መኖር አለመኖራቸውን ፊልሙ አያሳይም። ሬሳ ለትርኢት አለማቅረቡ ያስመሰግነዋል፤ ዘመዶቹን ቀብሮ የዓለም ዋንጫን ለማየት አንቴና የሚተክለው ወጣት ከዋይታ ይልቅ ይናገራል። ይሁንና የገበሬው ሐዘን በከተሜ የመኪና መስኮት ብቻ መታየቱ ቅር ያሰኛል። ይህን ቅሬታ በከፊል የሚመልሰው የመጨረሻው ትዕይንት ነው፤ ከሩቅ ሲታይ መኪናዋ ዳገቱ ያቅታታል፣ የጋዝ ሲሊንደር የተሸከመ እግረኛ ገፍቶ ያስነሣታል፤ መኪናዋም ዳገቱን ከወጣች በኋላ ቆማ ትጭነዋለች።