ትግል ነው ወይስ ቲያትር? ስለ አንድ የቶክዮ ትርዒት

ተማሪዎቻችን በቴሌቪዥን የትግል ትርዒት ባዩ ማግሥት የሚያቀርቡልን ጥያቄ አንድ ነው፤ «እውነት ነው ወይስ ውሸት?» ይላሉ። ብዙዎቻችን «ውሸት ነው» ብለን እናልፈዋለን። መልሱ አጭር በመሆኑ ይመቻል፤ ግን ጎደሎ ነው። በ«ሐምሌት» ፍጻሜ ላይ የሚያለቅስ ተመልካች ተዋናዩ እንዳልሞተ እያወቀ ነው የሚያለቅሰው፤ ተታለለ የሚለውም የለም። ስለዚህ አንድ ትርዒት መርጠን፣ እንደ ማንኛውም የመድረክ ሥራ በጎውንና ጉድለቱን ልንመለከት አሰብን።

ትርዒቱ ኒው ጃፓን ፕሮ ሬስሊንግ የተባለው ድርጅት እ.ኤ.አ. ጃንዩወሪ 4 ቀን 2017 (ታኅሣሥ 26 ቀን 2009 ዓ.ም.) በቶክዮ ዶም 26,192 ተመልካች ሰብስቦ ያሳየው «ሬስል ኪንግደም 11» ነው። ድርጅቱን በ1972 የመሠረተው አንቶኒዮ ኢኖኪ ሲሆን፣ ከ1992 ጀምሮ የዓመቱ ትልቅ ትርዒት በዚሁ ቀንና በዚሁ አዳራሽ ይቀርባል።

በዚህ ዓይነቱ ትግል አሸናፊው አስቀድሞ ይወሰናል። አስቀድሞ ሊወሰን የማይችለው አወዳደቁ ነው። ወለሉ በስስ ምንጣፍ የተሸፈነ ሳንቃ ነው፤ ተጋጣሚው አገጩን ወደ ደረቱ ሰብስቦ በሰፊ ጀርባው የሚወድቀው የምቱ ኃይል በሰፊ ቦታ እንዲከፋፈል ነው። የፊዚክስ መምህራን ይህን ሳናብራራላቸውም ያውቁታል። ጭንቅላት ግን የሚከፋፍልበት ሰፊ ቦታ የለውም፤ ወደዚህ ነጥብ እንመለስበታለን።

በመጀመሪያ የቀበቶውን ብዛት እንይ። ከዋናዎቹ ዐሥር ግጥሚያዎች ስምንቱ የሻምፒዮና ግጥሚያዎች ነበሩ፤ ከስምንቱም በስድስቱ ቀበቶው ከባለቤቱ እጅ ወጣ። ይህ በእኛ አስተያየት ትልቅ የአደራረስ ጉድለት ነው። በአንድ ምሽት ስድስት ነገሥታት ከወረዱ ሰባተኛው ቢወርድ ማን ይደነግጣል? በተለይ የሦስት የሦስት ሰው ቡድኖች ቀበቶ፣ ተመልካቹ ባለቤቱ ማን እንደ ሆነ ሳያጣራ እጅ የሚቀይር ጌጥ ሆኖ ታይቶናል።

ቴትሱያ ናይቶ ይህን ድክመት ወደ ጥበብ የለወጠ ሰው ነው። በ2014 በዚሁ መድረክ ለዋናው ቀበቶ ሲጋጠም፣ የተመልካቹ ድምፅ ግጥሚያውን ከመዝጊያነት አውርዶ ለሌላ ሰጠበት። ከዚያ በኋላ የተናቀውን ሰው ገጸ ባሕርይ ያዘ፤ በእጁ የገባውንም ነጭ ቀበቶ መሬት ላይ እየወረወረ ንቀቱን ያሳይ ነበር። በዚህ ምሽት ሂሮሺ ታናሃሺን አሸንፎ ቀበቶውን ሲያስጠብቅ የጮኸለት ያው የናቀው ሕዝብ ነው።

መዝጊያው የካዙቺካ ኦካዳና የካናዳዊው ኬኒ ኦሜጋ ግጥሚያ ሲሆን 46 ደቂቃ ከ45 ሴኮንድ ፈጅቷል። መጀመሪያው ዝግ ያለ ነው፤ እንዲያውም የሚያዛጋ አለ። ነገር ግን ጸሐፌ ተውኔት ሰዎቹን ሳያስተዋውቅ ደም እንደማያፈስ ሁሉ፣ እነዚህም መጀመሪያ ጉልበታቸውንና ጠባያቸውን አሳዩን። ከዚያ በኋላ ኦካዳ ኦሜጋን በገመዱ ላይ አሳልፎ ከመድረኩ ውጭ በተዘረጋ ጠረጴዛ ላይ ጣለው። በጃፓን ዳኛው ከመድረክ የወጣውን የሚቆጥርበት እስከ ሃያ በመሆኑ፣ ያ ረጅም ቆጠራ ራሱ እንደ ከበሮ ልብ ይመታል።

እኛ ከሁሉ አብልጠን የምናደንቀው ግን ያልተደረገውን ነው። ኦሜጋ «ባለ አንድ ክንፍ መልአክ» የሚባል መጨረሻ የሆነ መጣያ አለው። ደጋግሞ ሞከረው፤ ኦካዳ በየጊዜው አመለጠው፤ በመጨረሻም «ዝናብ አዝናቢ» በተባለው የክንድ ምቱ አሸነፈ። ስለዚህ ተመልካቹ «ያንን ቢያገኘውስ ኖሮ?» እያለ ወደ ቤቱ ሄደ። መልሱ በ2018 ጁን ወር ኦሳካ ላይ፣ ኦሜጋ በዚያው መጣያ ቀበቶውን ሲወስድ ተሰጠ። አንድን ጥያቄ ለዐሥራ ሰባት ወራት አንጠልጥሎ ማቆየት በተከታታይ ልብ ወለድ እንኳ ቀላል አይደለም። የአሜሪካው ሐያሲ ዴቭ ሜልትዘር አምስት ኮከብ አንሶት ስድስት የሰጠው ያለ ምክንያት አይደለም እንላለን። ይሁን እንጂ ከገመዱ ጫፍ ላይ በአንገት የተወደቀበትን ቅጽበት እኛ አናጨበጭብለትም። ታሪኩ ያለ እርሱም ይቆም ነበር።

ይህን ያልነው በሂሮኦኪ ጎቶና በካትሱዮሪ ሺባታ ምክንያት ነው። ሁለቱ የአንድ ሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤት የክፍል ጓደኞች ነበሩ፤ በትምህርት ቤቱ የትግል ክበብም አብረው ታግለዋል። በዚያ ምሽት ጎቶ ከጓደኛው ቀበቶውን ወሰደ። ግጥሚያው ብዙ ተወድሷል፤ የተወደሰውም ምቱ እውነተኛ ስለ መሰለ ሳይሆን እውነተኛ ስለ ነበረ ነው። ክርክራችን እዚህ ላይ ነው። ተዋናይ እንዳይጎዳ ተስማምቶ የተጎዳ መምሰሉ ጥበብ ነው፤ በእውነት መጎዳቱ ግን የጥበብ ማነስ ነው። በዚያው ምሽት ከተጋጠሙት መካከል ቶሞአኪ ሆንማ በማርች 2017 አንገቱ ላይ ክፉኛ ተጎዳ፤ ወደ መድረክ የተመለሰው ከአንድ ዓመት በላይ ቆይቶ ነው። ሺባታም ኤፕሪል 9 ቀን ከኦካዳ ጋር ሲጋጠም በግንባሩ የኦካዳን ግንባር መታ፤ ድምፁ በአዳራሹ ተሰማ፤ ደም በፊቱ ላይ ወረደ። ከመድረክ ከወረደ በኋላ ወደቀ፤ በአንጎሉ ዙሪያ ደም ፈስሶ ስለ ነበር በአስቸኳይ የቀዶ ሕክምና ተደረገለት።

ልጆች በትምህርት ቤት ግቢ የሚቀዱት የትኛውን እንደ ሆነ መምህር ሁሉ ያውቃል። የአርባ ስድስት ደቂቃውን ትዕግሥት አይደለም፤ ግንባሩን ነው። ስለዚህ «ውሸት ነው» የሚለው መልሳችን አደገኛም ነው፤ ውሸት ከሆነ ምን ይጎዳል ብሎ ልጁ ጓደኛውን በአንገቱ ይጥለዋልና። ወለሉን፣ አወዳደቁንና የሺባታን ታሪክ መንገር ይሻላል።

ሺባታ ከ2018 ጀምሮ በሎስ አንጀለስ ወጣቶችን አሠልጥኗል። ጃንዩወሪ 4 ቀን 2022 ደግሞ በዚያው በቶክዮ ዶም ከገዛ ተማሪው ከሬን ናሪታ ጋር ተጋጠመ። ምት የሌለበት የመያያዝ ግጥሚያ እንደሚሆን ተነግሮ ነበር፤ ሺባታ ግን ሊጀመር ሲል ደንቡ እንዲለወጥ ጠየቀ፤ ተፈቀደለትም። ሕዝቡ በጭብጨባ ተቀበለው። እኛ ግን ያን ግጥሚያ በሐያሲ ዓይን መመልከት አልቻልንም፤ ዓይናችን ከተማሪው እጅና ከመምህሩ ራስ ላይ አልተነሣም።