መቶ ሰዎች ምን አሉ?

«ፋሚሊ ፊውድ» በተባለው የአሜሪካ የቴሌቪዥን ውድድር ትክክለኛውን መልስ የሚወስነው ሊቅ ወይም መጽሐፍ አይደለም። ወሳኞቹ አስቀድሞ የተጠየቁ መቶ ተራ ሰዎች ናቸው። ተወዳዳሪው የሚያሸንፈው ብዙ በማወቁ ሳይሆን ሰውን በማወቁ ነው። እንዴት ያለ ድንቅ ሐሳብ ነው!

የቴሌቪዥን አዘጋጁ ማርክ ጉድሰን ውድድሩን በኤቢሲ ጣቢያ የጀመረው በሐምሌ 1976 እ.ኤ.አ. ነው። መነሻው «ማች ጌም» የተባለው ሌላው ሥራው ሲሆን፣ እዚያ የተወደደው ሪቻርድ ዳውሰን የመጀመሪያው አቅራቢ ሆነ። ከ2010 ወዲህ መድረኩ የኮሜዲያኑ የስቲቭ ሃርቪ ነው።

አምስት አምስት ሆነው የተሰለፉ ሁለት ቤተሰቦች በሰሌዳው ላይ የተደበቁትን መልሶች ያድናሉ። ሦስት ጊዜ የሳተ ቤተሰብ ዕድሉን ለተፎካካሪው ያስረክባል፤ ያኛው አንዲት መልስ ካገኘ የተጠራቀመውን ነጥብ ጠራርጎ ይወስዳል።

ልብ የሚሰቅለው ግን የመጨረሻው ዙር ነው። ከአሸናፊው ቤተሰብ አንዱ አምስት ጥያቄዎችን በ20 ሰከንድ ይመልሳል። ሁለተኛው ይህን በማይሰማበት ቦታ ቆይቶ ይመጣና በ25 ሰከንድ እነዚያኑ ጥያቄዎች ይጋፈጣል፤ የመጀመሪያውን ሰው መልስ መድገም አይፈቀድለትም። ድምራቸው 200 ነጥብ ከደረሰ ትልቁ ሽልማት የእነሱ ነው። በዚያች አጭር ጊዜ አስተዋይ የተባለ ሰው አፉ ሲተሳሰር፣ ዝምተኛዋ እህት ደግሞ ሳይታሰብ ቤተሰቡን ስታድን ማየት ያስደስታል።

ውድድሩ ወደ ሌሎች አገሮችም ተሻግሯል፤ ብሪታንያ በ1980 «ፋሚሊ ፎርቹንስ» ብላ ጀምራዋለች። በኢትዮጵያም በኢቢኤስ «የቤተሰብ ጨዋታ» ተብሎ ቀርቧል። የአንዱ አገር መቶ ሰዎች መልስ ለሌላው ስለማይሠራ፣ በሄደበት ሁሉ የአገሬውን ሰው መጠየቅ ግድ ነው።